በበረኪና የተዘፈዘፈው ክትባት

ሰኞ ጠዋት ኦክላንድ ውስጥ፣ ቴሌግራፍ ጎዳና ላይ ካለው ክሊኒክ ፊት ለፊት ሦስት የእሳት አደጋ መኪኖች፣ ከራስ እስከ እግራቸው ቢጫ ፕላስቲክ የለበሱ ሰዎችና አንድ የተናደደ ኢንስፔክተር ቆመው ነበር። የተናደደው ሰርፀ ነው። በኦክላንድ ፖሊስ ማዕረጉ ዲቴክቲቭ ቢሆንም ሐበሻው ሁሉ ኢንስፔክተር ነው የሚለው፤ እሱም ማረሙ ከሰለቸው ቆይቷል።

"ምንድን ነው የተገኘው?" ብሎ እንደገና ጠየቀ።

"አንትራክስ" አለው ከቢጫ ለባሾቹ አንዱ።

"አንትራክስ ነው ወይስ የአንትራክስ ክትባት?"

"ምን ልዩነት አለው?"

ሰርፀ ጀርባውን ሰጠው። ጽዳት ሠራተኛዋ ጠዋት ደንግጣ 911 ደውላ አንዷን ቃል ብቻ ነበር የተናገረችው፤ በዚያች ቃል ጎዳናው ተዘግቶ፣ አውቶቡስ ቆሞ፣ ከማዶ ያለው ዳቦ ቤት ደንበኞቹን በጓሮ በር አስወጥቷል። ሰርፀ ስንት ሰዓት ከለመነ በኋላ ነው ወደ ውስጥ እንዲገባ የፈቀዱለት፤ ያም ሆኖ ጫማው ላይ ፕላስቲክ አጥልቀውበት ነው።

ውስጥ የክሊኒኩ ኃላፊ ነርስ ሲስተር መቅደስ እጇን አጣምራ ጠበቀችው። ክሊኒኩ ከአርሚው ጋር ኮንትራት አለው፤ ወደ ውጭ አገር የሚላኩ የተጠባባቂ ጦር ወታደሮች እዚህ እየመጡ ይከተባሉ። ዛሬ ተራው የአንድ የኦክላንድ ዩኒት ነበር፤ ሁለተኛውን የአንትራክስ ክትባታቸውን ተወግተው በሚቀጥለው ሳምንት ሊሄዱ። መቅደስ በሩ መስታወት የሆነውን ፍሪጅ አሳየችው። የጉንፋኑ፣ የጉበቱ፣ የሌላውም ክትባት በቦታው አለ፤ የአንትራክሱ መደርደሪያ ብቻ ባዶ ነው። ቅዳሜ እኩለ ቀን ክሊኒኩ ሲዘጋ ሙሉ ነበር።

የጎደለው የተገኘው በጽዳት ዕቃ ክፍል ውስጥ፣ በአንድ ባልዲ በረኪና ተዘፍዝፎ ነው። ብልቃጦቹ ሁሉ ክዳናቸው ተነቅሎ ውስጣቸው ያለው በረኪናው ውስጥ ተደፍቷል፤ ባዶዎቹም እዚያው ሰምጠዋል። አንዱ በአንዱ ላይ የተደረበ የእጅ ጓንትም አብሮ ተጥሏል። ባልዲው በሁለት ድርብ የቆሻሻ ከረጢት ታስሮ ጥግ ላይ ተቀምጧል።

"ይሄ ቢፈስ ኖሮ ምን ይሆን ነበር?" አለ ሰርፀ።

"ወለሉ ይረጥብ ነበር" አለች መቅደስ። "በጌታ፣ ለእነዚያ ቢጫ ለባሾች አንድ ሰው ይንገርልኝ! ክትባቱ ውስጥ ሕይወት ያለው ነገር የለም። ባክቴሪያው ተጣርቶ ወጥቶ የቀረው ፕሮቲን ነው። ክንድ ያማል፣ ያብጣል፣ ድካም አለው፤ በጣም አልፎ አልፎ ከባድ አለርጂ ይመጣል፣ ለዚያም ነው ከተወጉ በኋላ አስቀምጠን የምናያቸው። በሽታውን ግን ሊያመጣ አይችልም።"

"ለማበላሸት ከሆነ ታዲያ ከፍሪጅ አውጥቶ መተው አይበቃም?"

"ይበቃል። ሁለት ቀን ውጭ ቢያድር እጥለው ነበር።"

"እና በረኪናው ለምን አስፈለገ?"

መቅደስ ትከሻዋን ነቀነቀች። ጥያቄው ሰርፀ ጭንቅላት ውስጥ ተሰንቅሮ ቀረ።

"ፍሪጁ ይቆለፋል?"

"ሁሌም" አለች፣ ጥያቄውን ሳያስጨርሰው። "ቁልፉ እኔ መሳቢያ ውስጥ ነው። ከስታፉና ሊያግዙን ከሚመጡት ሜዲኮች፣ ከአርሚው የሕክምና ባለሙያዎች በቀር ቦታውን ማንም አያውቅም።"

ይህችን ዓረፍተ ነገር የሰማው ሰርፀ ብቻ አልነበረም። ከኋላው ዊትከር የሚባል የፌዴራል መርማሪ ደርሶ ኖሮ አስተርጓሚ ሳያስፈልገው "ሜዲክ" የምትለዋን ያዛት።

"ሜዲክ ከሆነ አንዲት አለችኝ" አለ፣ ሰርፀን ወደ ኮሪደሩ ስቦ፤ ስልኩንም አውጥቶ ቪዲዮ ከፈተ።

ቪዲዮው ላይ ዩኒፎርም የለበሰች ሐበሻ ልጅ አለች። የመጀመሪያውን ክትባት ስትወጋ ክንዷ እንዳበጠ እያሳየች፣ ለምን በግዴታ እንደሚሰጥ፣ እምቢ ያለ ወታደር ለምን እንደሚቀጣ ትጠይቃለች። ሰርፀ ልጅቷን ሲያይ ክው አለ፤ ያውቃታል። ዕፀገነት ትባላለች። አባቷን አቶ ገብረ ሥላሴንም ያውቃል፤ የእናቱ የቤተ ክርስቲያን ወዳጅ ናቸው።

"ይዘናታል" አለ ዊትከር። "ማታ ላይ ክስ እንመሠርታለን። የአገር ደኅንነት ጉዳይ ነው።"

"የበረኪና ጉዳይ ነው" አለ ሰርፀ፤ የሰማው ግን የለም።

*

ዕፀገነት ጣቢያው ውስጥ ባለችው ጠባብ ክፍል፣ ጠረጴዛው ላይ በሁለት ክርኖቿ ተደግፋ ተቀምጣለች። ማውንቴን ቪው ከተማ አንድ ክሊኒክ ውስጥ ሜዲካል አሲስታንት ሆና ትሠራለች፤ በተጠባባቂው ጦር ደግሞ ሜዲክ ናት።

"ቅዳሜ የት ነበርሽ?"

"ቤት። ተኝቼ።"

"ለብቻሽ?"

"ሰው ሲተኛ ዊትነስ ይጠራል?"

"ቪዲዮውንስ ለምን ለጠፍሽው?"

"ጥያቄ ጠየቅኩ። ዛትስ ኢት! ክንዴ አብጦ ነበር፣ ላይክ፣ ቢግ። ዶክተሩ አየው፣ ኖርማል ነው አለኝ፣ በሦስት ቀን ጠፋ። ከዛ አነበብኩ፣ ጠየቅኩ፣ ዲሳይድ አደረግኩ። ልወጋ ነበር ዛሬ። አይ ዋንት ቱ ጎ።" ድምፅዋ ተሰበረ። "ቻርጅ ካደረጉኝ አለቀልኝ። አርሚው ያባርረኛል፣ ነርሲንግ ስኩል አይቀበለኝም። ኤቭሪቲንግ።"

ሰርፀ አመናት። የሚያናድደው ደግሞ ማመኑ ነው፤ ማመን ምን ያደርግለታል?

"አንድ ነገር ብቻ፣ ፕሊስ" አለችው ሊወጣ ሲል። "ለአባዬ እንዳትነግሩት። ልቡ ጥሩ አይደለም። ክንዴንም ያኔ አይቶ እንዴት እንደሆነ፤ ከዛ ወዲህ ረጅም እጅጌ ነው የምለብሰው።"

"አልነግራቸውም" አለ ሰርፀ፣ ሳያስበው። ሐበሻ ለሐበሻ የሚገባው የመጀመሪያው ቃል ይኸው ነው።

*

ክሊኒኩ በር ላይ በየሳምንቱ የወታደሮቹን የግዴታ ክትባት የሚቃወም ፖስተር ይዞ የሚቆም ዴል የሚባል ሰውዬ አለ፤ የባሕረ ሰላጤው ጦርነት አርበኛ። ሰርፀ ቤቱ በረንዳ ላይ አገኘው፤ ጋዜጣ ያነባል።

"ቅዳሜ ኩላሊቴን እያጠብኩ ነበር" አለ ዴል ገና ሳይጠየቅ። "ሙሉ ቀን። ደውልና አረጋግጥ።"

ሰርፀ ደውሎ አረጋገጠ። እውነት ነው፤ ሰውዬው ከአርበኞች ሆስፒታል የወጣው ፀሐይ ስትጠልቅ ነበር።

"መርፌውን ነው የምትጠላው?"

"መርፌውን አይደለም" አለ ዴል። "በዘጠና አንድ፣ በጦርነቱ ጊዜ፣ ሰልፍ አስይዘው ወጉን። ምንድን ነው ብንል ዝም በሉ ተባልን። ስመለስ ታመምኩ። ከእሱ ይሁን ከሌላ አላውቅም፣ ሐኪሞቹም አያውቁም፤ ምናልባትም ከእሱ አይደለም። እኔን የሚያበግነኝ ጠይቄ የሚነግረኝ ማጣቴ ነው። እና እኔ ላበላሸው ብል የፍሪጁን ገመድ ነቅዬ እሄዳለሁ እንጂ በረኪና ምን ያደርግልኛል?"

ሰርፀ "እኔም እሱን ነው የምለው" ሊል ቃጣውና አመስግኖ ወጣ።

*

የክሊኒኩ የጓሮ በር በኮድ ነው የሚከፈተው። ክሊኒኩ ከተዘጋ እስከ ሰኞ ጠዋት አንድ ኮድ ብቻ ነው የገባው፤ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ፣ የደም ናሙና አመላላሹ የሀብቱ ኮድ። ካሜራው ኮፍያ፣ ማስክና የአመላላሽ ሰደሪያ ያደረገ ሰው ብቻ ያሳያል። ሰርፀ ለሀብቱ አለቃ ደወለ።

"አዎ፣ ቅዳሜ ሠርቷል" አለው አለቃው። "ናሙናውም ላቦራቶሪ ደርሷል።"

ሀብቱ ስልክ አያነሳም። ሰርፀ ሐበሻውን ሁሉ የምታውቀው የገዛ እናቱ ጋ ደወለ። እናቱ ወይዘሮ አመለወርቅ በሹክሹክታ "ሳን ሆዜ፣ ለቅሶ ቤት ነኝ" አለችው፤ "ሀብቱም እዚሁ ነው። ከዓርብ ጀምሮ ቤቱ አልሄደም፣ ሲላላክ ነው የከረመው። የሟች የእህት ልጅ አይደል?"

"ቅዳሜም እዚያ ነበር?"

"ቅዳሜማ ቀኑን ሙሉ! ሁለት መቶ ሰው ያስተናገደ እሱ አይደል እንዴ?"

ሰርፀ ግንባሩን መሪው ላይ አሳረፈ። እንግዲህ ሀብቱ ቅዳሜ ኦክላንድ ደም ሲሰበስብ፣ ሳን ሆዜ ደግሞ ውሃ ሲያድል ውሏል።

ሳን ሆዜ ለመድረስ 880 የሚባለውን አውራ ጎዳና መያዝ አለበት፤ 880 ደግሞ እንደ ልማዱ ቆሟል። ሰርፀ መኪኖቹን ተሳደበ፣ ዊትከርን ተሳደበ፣ ሰዓቱን አየና እንደገና ተሳደበ።

የሟቿ የወይዘሮ የወርቅውሃ ለቅሶ የተቀመጠው የልጃቸው ጋራዥ ውስጥ ነው፤ መኪናው ወጥቶ፣ ምንጣፍ ተነጥፎ፣ ወንበር በግድግዳው ዙሪያ ተደርድሯል። ሰርፀ ገባ፤ "እግዚአብሔር ያጽናችሁ" አለ፤ ተቀመጠ። ለቅሶ ቤት ገብቶ ሰው መመርመር እንዴት እንደሚቻል የፖሊስ ትምህርት ቤት አላስተማረውም። መጀመሪያ ዝም ማለት አለ። ከዚያ ምግብ አለ፤ አልበላም ማለት ደግሞ የለም። ምስር ወጡን እየዋጠ፣ ሀብቱ ውሃ ይዞ ሲመጣ ክንዱን ጨብጦ ወደ ጓሮ ወሰደው።

"ቅዳሜ ክሊኒኩ ገብተሃል?"

"አዎ" አለ ሀብቱ፣ ምድር ምድር እያየ።

"ቅዳሜ እዚህ አልነበርክም?"

"ነበርኩ።"

"ሁለቱም ቦታ?"

ሀብቱ የውሃውን ጆግ ከአንድ እጁ ወደ ሌላው አዛወረ።

"ማን ሸፈነልህ?"

"ማንም።"

"እና ደሙን መላእክት ናቸው የወሰዱት?"

"ኢንስፔክተር፣ ካምፓኒው ኮዱን ለሰው መስጠቴን ካወቀ ያባርረኛል። አክስቴ ሞታ እንኳ ፈቃድ አልሰጡኝም። የሸፈነልኝ ሰው ምንም አላጠፋም፤ ደም ብቻ ነው የወሰደው። ስሙን አልናገርም።"

ይህ በአሽከርካሪዎቹ ዘንድ የታወቀ ነው። አንዱ ለቅሶ ወይም ክርስትና ሲገጥመው ሌላው ሰደሪያውን ለብሶ፣ በእሱ ስልክ፣ በእሱ ስም ይሠራለታል፤ አለቃ የሚባለው ፍጡር በሕይወቱ አያውቅም። ሰርፀ ይህን ሥርዓት ሌላ ቀን ቢሆን ያደንቀው ነበር።

ተመልሶ እናቱ አጠገብ ተቀመጠ። ከጠዋት ጀምሮ ያቺ በረኪና አልለቅ ብላዋለች። ያንን ክትባት እንደ መርዝ እባብ በድርብ ጓንት ይዞ፣ አስምጦ፣ በድርብ ከረጢት ያሰረው ሰው ወታደሩን ሊያናድድ አልፈለገም። ፈርቶታል። ሕያው መስሎታል።

"እማዬ፣ ይሄ አንትራክስ የሚሉት፣ አባ ሰንጋ፣ ምን ዓይነት በሽታ ነው?"

እናቱ በክርኗ ጎሸመችው። "ከበሽታ ሁሉ መርጠህ ለቅሶ ቤት እሱን ታነሳለህ?"

"ለሥራዬ ነው።"

"የከብት ነው፤ ሥጋውን የበላ ሰውም ያልቃል። አገር ቤት ሳለን የሞተ ከብት አትንኩ የሚባለው ለሱ ነው። ይልቅ ገብረ ሥላሴን ጠይቀው። ወሎ ሳለ ሥራው በየገጠሩ እየዞሩ ከብት መከተብ አልነበር?"

ሰርፀ ጉርሻውን ወደ ሳህኑ መለሰ።

"የዕፀገነት አባት?"

"ድምፅህን ቀንስ!"

"የት አሉ ታዲያ?"

"አልመጣም። ቅዳሜም አልነበረም፤ ሰው ሁሉ ሲገረም ነበር። የማንም ለቅሶ ላይ ወንበር የሚያመጣው እሱ፣ ድንኳን የሚወጥረው እሱ፤ የወርቅውሃን ያህል ወዳጁ ስትሞት የውሃ ሽታ ይሁን?" ዙሪያውን አየችና ወደ ጆሮው ተጠጋች። "ዛሬ ደግሞ እኛው ነን አትምጣ ያልነው። የልጅቷ መያዝ እዚህ ተሰምቷል። እሱ አልሰማም። እዚህ ቢመጣ ከሰው ፊት ያነበዋል ብለን ፈራን፤ ልቡ በሽተኛ ነው። ማታ ሦስት ሽማግሌዎች ሪችመንድ ቤቱ ሄደው ቀስ አድርገው ይነግሩታል።"

"ማታ?" ሰርፀ ሳይታወቀው ጮኸ፤ ጋራዡ ሁሉ ዞሮ አየው። "ማታ እኮ ልጅቷ ትከሰሳለች!"

"ታዲያ ቢሰማ ምን ያደርግላታል?"

ሰርፀ በቀጥታ ወደ ጓሮ ሄዶ ሀብቱ ፊት ቆመ።

"ጋሽ ገብረ ሥላሴ ናቸው።"

ሀብቱ የያዘውን ጆግ መሬት ላይ አስቀመጠ። "እሳቸው እኮ ለእኔ ብለው ነው። ቅዳሜ የወደብ ሥራ ስለሌላቸው 'አንተ አክስትህን ቅበር' ብለው ሰደሪያውን ከላዬ ላይ አወለቁት።"

"ዕፀገነት መያዟን ሰምተሃል?"

"ሰምቻለሁ። አለቀስኩ።"

"እና ክትባቱ በተበላሸበት ቀን አባቷ እዚያ ክሊኒክ እንደነበሩ እያወቅክ?"

ሀብቱ ሰርፀን አየው፣ ከዚያ ግድግዳውን አየ፣ ከዚያ ተንሸራቶ ደረጃው ላይ ቁጭ አለ። አልመጣለትም ነበር። ሥራውንና ሽማግሌውን ለመጠበቅ ዝም ማለት ብቻ ነበር ያሰበው።

ሰርፀ መኪናው ውስጥ ሆኖ መቅደስ ጋ ደወለ።

"ሲስተር፣ እውነቱን ብቻ ንገሪኝ። ቅዳሜ የፍሪጁ ቁልፍ የት ነበር?"

"በሩ ላይ ተሰክቶ" አለች ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ። "ሁሌም እዚያው ነው። በቀን ሃምሳ ጊዜ ነው የምንከፍተው፤ ማን መሳቢያ ሲከፍት ይውላል?"

"ጠዋት ሌላ ነበር ያልሽኝ።"

"ሥራዬን ፈርቼ ነው።"

"በእሱ ምክንያት ሜዲክ ናት ተብላ አንዲት ልጅ ታስራለች።"

"ማን?" አለች መቅደስ። "እኔ ማን ነገረኝ?"

*

የኦክላንድ ወደብ መግቢያ ላይ ኮንቴይነር ሊጭኑ የቆሙት ከባድ መኪኖች እስከ ድልድዩ ተሰልፈዋል። አቶ ገብረ ሥላሴ ከሰልፉ መሐል፣ ሰማያዊ መኪናቸው ውስጥ፣ የተላጠ ብርቱካን ይዘው ተቀምጠዋል። ሰርፀ የጋቢናውን በር ሲያንኳኳ ፊታቸው በራ።

"የአመለወርቅ ልጅ! ግባ፣ ግባ። ብርቱካን ውሰድ።"

ሰርፀ ወጥቶ አጠገባቸው ተቀመጠ።

"ዛሬ ሰው ምን ሆኗል?" አሉ ሽማግሌው። "ከጠዋት ጀምሮ ስምንት ሰው ደወለልኝ። 'ደህና ነህ?' ይሉኛል። ደህና ነኝ እላለሁ። 'እሺ፣ በርታ' ብለው ይዘጉታል። በምኑ ነው የምበረታው? ለቅሶ ልምጣ ስል አትምጣ ይሉኛል። ሰው ሞቶብኝ ነው?"

ሰርፀ እጁ ላይ ምንም የለውም። አሻራ የለም፤ ድርብ ጓንት ነበር። ካሜራው ማስክ ብቻ ነው ያየው። ሀብቱ ነገ ቃሌን ቀየርኩ ቢል ያበቃል። ዊትከር ቢሆን ለሰዓታት ያፋጥጣቸው ነበር። ሰርፀም ለልጅቷ የገባው ቃል አለ። ግን በዚህ ቀን የተዋሸውን ሁሉ፣ በደግነት የተደበቀውን ሁሉ ሲያስበው ደሙ ፈላ፤ አንድ ሰው እንኳ ለአንድ ሰው እውነቱን መናገር አለበት።

"ጋሼ፣ ማንም አልሞተም። ዕፀገነት ታስራለች።"

ብርቱካኑ ከእጃቸው ወደቀ። "በምን?"

"ክሊኒኩ ውስጥ ያለውን የአባ ሰንጋ ክትባት በረኪና ውስጥ ዘፍዝፋ አበላሸች ተብላ ነው።"

"ማ? ዕፀ?" ሽማግሌው እንደ መቆጣት አሉ። "እሷ ምን በወጣት! እኔ ነኝ እንጂ! ምነው፣ ቶሎ አትነግሩኝም?"

የመኪናውን ቁልፍ ነቀሉ። ከፊት ኮንቴይነር፣ ከኋላ ኮንቴይነር ነው፤ መውጫ የለም። በሩን ከፍተው ወረዱና መኪናቸውን ሰልፉ መሐል ጥለው በእግራቸው መሮጥ ጀመሩ። ከኋላቸው የወደቡ ጥሩምባ ሁሉ አንባረቀ። ሰርፀ ተከትሎ ሮጠ፤ በሥራ ዘመኑ ወደ ፖሊስ ጣቢያ የሚሮጥ ወንጀለኛ ሲያሳድድ ይህ የመጀመሪያው ነው።

የሰርፀ መኪና ውስጥ ሳይጠየቁ ተናገሩት።

"ደሙን ልወስድ ገባሁ። አጠገቡ ያለው ፍሪጅ መስታወት ነው፣ ስሙ ይነበባል። ቁልፉ በሩ ላይ ነበር። አስቤ የመጣሁ እንዳይመስልህ፤ ሳነበው ነው ሰውነቴ የከዳኝ። ክንዷን አይቼዋለሁ። እንዲህ አብጦ!" በመዳፋቸው አሳዩት። "እኛ ከብቱን ስንወጋ እንደዚያ ነበር የሚያብጠው። የሚድነው ይድናል፤ ፍየልና ፈረስ ግን ከበድ ይልባቸዋል፤ በእጄ ወግቼው በሳልስቱ የሞተብኝ ፈረስ አለ። ባልደረባዬንም መርፌው ስቶ ጣቱን ወግቶት ለወራት ታሟል። ሕይወት ያለው ነገር ነው የምንወጋው፣ ገባህ? የደከመ አባ ሰንጋ ነው፣ ግን ሕያው ነው። እና ልጄን ሁለተኛ ሊወጓት ነው።"

"ለምን አልጣሉትም ታዲያ? በረኪናው ለምን?"

"ሕያው ነገር ቆሻሻ ውስጥ ይጣላል እንዴ?" አሉ ተቆጥተው። "ጽዳት የምትሠራዋ ሴት ብትነካውስ? የተረፈውን ገድለን ነው የምንጥለው፤ ደንቡ እሱ ነው።"

ሰርፀ ፍጥነቱን ቀነሰ።

"ጋሽ ገብረ ሥላሴ፣ የሰው ክትባት እንደ ከብቱ አይደለም። ሌላ ነው። ውስጡ ሕያው ነገር የለም፤ የሞተም የለም። በሽታውን ሊያመጣ አይችልም።"

"እርግጠኛ ነህ?"

"የክሊኒኩ ነርስ ጠዋት በጌታ ብላ ነው የነገረችኝ።"

ሽማግሌው ዓይናቸውን ጨፈኑ። ሰርፀ ልባቸው መስሎት መኪናውን ሊያቆም ሲል እንባቸው ሲወርድ አየ። የጠበቀው ጸጸት ነበር፤ ያየው ግን እፎይታ ነው።

"አይገድላትም ማለት ነው?"

"አይገድላትም።"

"ተመስገን" አሉ። "ተመስገን አምላኬ! እኔን እንደፈለጉ ያድርጉኝ።" ትንሽ ቆይተው ደግሞ "ግን ለእኔ ለምን ማንም አልነገረኝም?" አሉ።

*

ዊትከር ቃላቸውን ሲቀበል ሁለት ጊዜ እስክሪብቶውን አስቀመጠ። ጎተራ ሙሉ ጥያቄ አዘጋጅቶ ነበር፤ ሽማግሌው ከአንደኛው ጀምረው ሁሉንም መለሱለት። ዕፀገነትን ለቀቋት፤ ኮሪደሩ ላይ ከአባቷ ጋር ፊት ለፊት ተገናኙ። አቶ ገብረ ሥላሴ እጃቸው በካቴና ታስሯል።

"አባዬ፣ ዋይ?" አለች። መጀመሪያ በቁጣ ነበር፤ ከዚያ ድምፅዋ አልታዘዝ አላት። "ለምን አልጠየቅከኝም? ጀስት አስክ ሚ!"

"ብጠይቅሽ ትነግሪኝ ነበር?"

"ኖ" አለች ዕፀገነት። "አልነግርህም ነበር።"

"አሁን ንገሪኝ።"

ነገረቻቸው። ምን ዓይነት ሕመም እንደሚያስከትል፣ አብዛኛው በቀናት እንደሚጠፋ፣ ከባዱ አለርጂ እጅግ ጥቂት ሰው ላይ እንደሚታይ፣ ጨርሶ አደጋ የለውም የሚባል መድኃኒት እንደሌለ ነገረቻቸው። ቃል ሲያጥራት በእንግሊዝኛ ትሞላዋለች። ሽማግሌው ራሳቸውን ዘንበል አድርገው፣ እንደ ሥራ ባልደረባ ሰሟት።

"በጡንቻ ነው ከቆዳ ሥር?"

"በጡንቻ።"

"እኛ ከቆዳ ሥር ነበር" አሉ። "ትወጊያለሽ እንግዲህ?"

"አዎ፣ አባዬ። አርሚው ከወሰደኝ።"

"በግራሽ አድርጊው፤ በቀኝሽ ሥራ አለብሽ።"

ወሰዷቸው። ዕፀገነት በሩ እስኪዘጋ አየችና ወደ ሰርፀ ዞረች።

"ምን ያደርጉታል?"

ሰርፀ "አይዞሽ፣ ምንም አይሆንም" የምትለው ቃል ምላሱ ጫፍ ላይ ደርሳ ነበር። ስልኩ ጮኸ፤ እናቱ ናት።

"ገብረ ሥላሴ ጋ ነህ አሉ፤ ነገርከው እንዴ?" አለችው።

"ነገርኳቸው። ያደረጉት እሳቸው ናቸው፣ እማዬ። ልጅቷ ተፈታለች።"

"ወይኔ! ሽማግሌዎቹ እኮ ሪችመንድ ደርሰው በር እያንኳኩ ነው!" ትንፋሿን ሰበሰበች። "በል፣ ለልጅቷ ደግሞ ምን እንደሚፈርዱበት አሁን እንዳትነግራት። ትደነግጣለች። ወደዚያ እንልካቸዋለን፣ ቀስ ብለው ይነግሯታል።"

ዕፀገነት መልሱን እየጠበቀች ዓይን ዓይኑን ታየዋለች።

"ይቅርታ፣ እማዬ" ብሎ ስልኩን ዘጋ። አግዳሚው ላይ አስቀምጧት አጠገቧ ተቀመጠ።

"የፌዴራል ንብረት ማውደም ነው የሚሉት። ሊታሰሩ ይችላሉ፤ ምናልባት ዓመትና ከዚያ በላይ። ዕድሜያቸውና በሽታቸው ሊያግዛቸው ይችላል፣ ላያግዛቸውም ይችላል። አንቺንም ዩኒቱ በሚቀጥለው ሳምንት ይዞሽ የሚሄድ አይመስለኝም።"

ፊቷ ነጣ። እጆቿን ጉልበቷ ላይ አጥብቃ ያዘች፤ አልወደቀችም።

"ኦኬ" አለች። "ቀጥል።"

ሰርፀም የሚያውቀውን ሁሉ ነገራት።